የኪራይ ካባ

ሥራዬ ልኬት ነው፣ ካባ ማከራየት፣
ከቴምዝ ማዶ ባለች ሱቅ የተሿሚ ሎርድ ትከሻ ማየት።
ቀይ ሱፍ፣ ነጭ ጠጉር፣ የወርቅ ጥለት፣
ጧት በፊርማ ወጥቶ፣ ማታ በፊርማ የሚገባ ንብረት።

አንድ የኅዳር ጠዋት ኸርበርት ኦድሊንግ መጣ፣
ባርኔጣው ዝናብ ጠጥቶ፣ እጁን ከኪሱ ሳያወጣ።
ሜትሬን ስዘረጋ ቀኝ ትከሻው ከግራው
ሁለት ጣት ዝቅ ያለ፣ ሚዛኑን ያጣ።
«ጥጥ ልጨምርበት?» ብለው፣ «ተወው» አለኝ፣
«ዓሣ ነው ያመጣው ጣጣ።»

ከሌሊቱ ዘጠኝ ሰዓት፣ ግሪምስቢ፣ የዓሣው ወደብ፣
አባቱ ጉልበቱ ላይ ዘርግቶ የሚጠግን መረብ፣
ወንድሙ ክላረንስ አይስላንድ ማዶ በማዕበል ሲከበብ፣
እሱ በአሥራ አራት ዓመቱ የበረዶ ሣጥን ሲደርብ።
የመጀመሪያ ካባው ያ ነበር፤
ቀዝቃዛ፣ አንገት ላይ የሚያንጠባጥብ።

ከዚያ ማኅበር፣ ከዚያ አድማ፣ ከዚያ በር ማንኳኳት፣
«ድምፃችሁን» ሲላቸው፣ ሴቶቹ ቢላቸውን ሳያስቀምጡ ሰሙት።
በሦስት መቶ አሥራ ሁለት ድምፅ አለፈ፤
በዚያው በዓሣ ሣጥን ላይ አቁመው ተሸከሙት፣
እየዘፈኑ ባቡር ጣቢያ ድረስ ሸኙት።

ለንደን አወቀው። አንደበቱ ቀስ በቀስ ተሞረደ፣
«ዓሣ» ይል የነበረው «የባሕር ሀብት ዘርፍ» ማለት ለመደ፤
ምክትል ሚኒስትር ተባለ፣ በጥቁር መኪና ሄደ።

አንድ ሌሊት ደወል ተደወለ፣ ሁለት በር ተከፈተ፤
«ይሁን» ለሚል የቀኙ፣ «አይሁን» ለሚል የግራው፣ ሰዉ ተጎተተ።
ውሉ ሰሜኑን ባሕር የሚዘጋ ነበር፤
ኦድሊንግ ልቡ ከእግሩ ተሟገተ።
በቀኙ ገባ። ጸሐፊው ስሙን መዝገብ ከተተ።
«በእጄ የሰበርኩት ጀልባ የለም» አለኝ፣ ሜትሬን እያየ፣
«በእግሬ ነው።»

በዓመቱ መርከቦቹን ለቁርጥራጭ ብረት ሸጧቸው።
ክላረንስ የመርከቡን መሪ ነቅሎ ሳሎኑ ግድግዳ ላይ ሰቀለው፤
ለወንድሙ አንድ ፖስታ ላከ፣
ደብዳቤ የለው፣ ስም የለው፣
የተበጠሰ መረብ ብቻ ነው ውስጡ ያለው።
ሃያ ስድስት ዓመት። እናታቸው ስትቀበር እንኳ
ሣጥኗን ፊትና ኋላ ሆነው ተሸክመው፣
ቃል ሳይተነፍሱ ሄዱ፣ አንዱ በዚህ አንዱ በዚያ ታጥፈው።

በምርጫው ሕዝቡ አወረደው፤ ፓርቲው ግን አልረሳው።
እኛ «ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል» እንላለን፤
እዚህ ግን ሰው ሲወድቅ ነው ጌታ ሆኖ የሚነሣው።

«የየት ባሮን ልበልህ?» አለው የማዕረግ ጸሐፊው።
የከተማውን ስም ሊጠራ አልደፈረም፤
«የሶልተርስ ሌን» አለ፣ ያደገበት መንገድ፣
ቤቶቹ ፈርሰው ዛሬ መኪና የሚቆምበት።
«የሌለ ቦታ» አለኝ፣ «አይከሰኝም።»

የሹመቱ ዕለት እኔው አለበስኩት፣ ከአዳራሹ ደጅ፣
ማሰሪያውን ሳጠብቅ አንድ ሽማግሌ ቆሟል ካጠገባችን፣
የመርከበኛ ሹራብ፣ የተሰነጣጠቀ እጅ።
ማንም አልጠራውም፤ ወይ ጠርቶት ይሆናል፣ አላውቅም እንጃ።
ኦድሊንግን አየው፤ ረጅም አየው፤
ከዚያ እጁን ሰድዶ ካባውን ከቀኝ ትከሻው ሳብ አደረገው።
«ዝቅ ብሏል» አለ።
ይኸው ነው። ሌላ አልሰማሁም።
በሩ ተከፈተ፤ ስም ተጠራ፤ ጌታዬ ገባ፣ ጎንበስ እያለ።

ማታ ካባው ተመለሰ፤
ጠጉሩን አበጠርኩ፣ ከእንጨቱ ሰቀልኩት።
ደረሰኙ ላይ «ሎርድ» ብሎ ጀምሮ ነበር፤
ሰርዞት፣ ከሥሩ «በርት» ብሎ ፈርሟል፣
በሕፃን ልጅ ጽሕፈት።
ለሐሙስ ሌላ ተሿሚ አለኝ።
የባንክ ሰው ነው አሉ፣ ትከሻው ቀጥ ያለ።